ተደራራቢ ነገዎች፤ የ«ቢሆን ኖሮ» አስተሳሰብ ታሪክና የመሐንዲሱ ኃላፊነት

መግቢያ

አማርኛ ስለ ጊዜ ሲናገር አንድ ልዩ ጠባይ አለው። «ዝናብ ይዘንባል» ስንል ግሡ የአሁኑንና የሚመጣውን ጊዜ በአንድ ቃል አጣምሮ ይይዛል። «በክረምት ይዘንባል» ብንል የተለመደውን፣ «ነገ ይዘንባል» ብንል ገና ያልመጣውን እንናገራለን፤ ቃሉ ግን አንዲት ፊደል አይለውጥም። እርግጠኛ ላልሆንበት ነገር «ይዘንብ ይሆናል» እንላለን። ሊሆን ሲችል ሳይሆን ለቀረው ደግሞ «ዘንቦ ቢሆን ኖሮ» የሚል አነጋገር አለን። እንግዲህ ማንኛውም ተናጋሪ የሆነውን፣ የሚሆነውን፣ ሊሆን የሚችለውንና ሳይሆን የቀረውን በየቀኑ በአንደበቱ ሲያመላልስ ይውላል ማለት ነው።

ይህ ጽሑፍ የሚመረምረው ከእነዚህ መካከል የመጨረሻዎቹ ሁለቱ በሰው ልጅ አስተሳሰብ ውስጥ የተጓዙበትን መንገድ ነው። በተለይም «ጊዜ አንድ ቀጥተኛ ጎዳና ሳይሆን ብዙ ቅርንጫፍ ያለው ነው፤ ሊሆኑ የሚችሉ ነገዎችም እርስ በርሳቸው ተደራርበው ይኖራሉ፤ አንዳንድ ጊዜም ዛሬን ይነካሉ» የሚለውን ሐሳብ ታሪክ በአጭሩ እናቀርባለን። ሐሳቡ በይበልጥ የታወቀው በልብ ወለድ ጸሐፊዎች ሥራ ነው። ሆኖም ከፍልስፍና ተነሥቶ፣ በልብ ወለድ አልፎ፣ ፊዚክስንና የኮምፒዩተር ስሌትን አዳርሶ በመጨረሻ እኛ መሐንዲሶች በምንጽፈው የጥናት ሰነድ ውስጥ ገብቷል። የማኅበራችን አባላት ይህን ርእስ ከሙያቸው የራቀ ጨዋታ አድርገው እንዳይመለከቱት የምንጠይቀውም ስለዚሁ ነው።

የባሕሩ ጦርነትና ብዙ ክፍሎች ያሉት ቤተ መንግሥት

ጥያቄውን በጥንቃቄ ካነሡት ቀደምት ሊቃውንት አንዱ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ4ኛው መቶ ዓመት የነበረው አሪስቶትል ነው። ስለ ንግግርና ስለ ፍቺው በጻፈው መጽሐፍ 9ኛ ምዕራፍ ላይ የባሕር ጦርነትን ምሳሌ ያቀርባል። «ነገ የባሕር ላይ ጦርነት ይደረጋል» የሚለው አነጋገር ዛሬውኑ እውነት ከሆነ ጦርነቱ የማይቀር ነው፤ ዛሬውኑ ሐሰት ከሆነም ጦርነቱ ፈጽሞ ሊደረግ አይችልም። በዚህ አኳኋን ከተሄደ ግን መምከርም መጨነቅም ከንቱ ድካም ይሆናል። አሪስቶትል ይህን አልተቀበለም። ነገ ጦርነት መደረጉ ወይም አለመደረጉ፣ ከሁለቱ አንዱ፣ ግዴታ ነው፤ ነገር ግን ከሁለቱ አንዱን ለይቶ «ይህ ግዴታ ነው» ማለት አይቻልም ሲል ደመደመ። ክርክሩ ያረፈበት ቦታ ልብ ሊባል ይገባዋል። ነገ ክፍት ካልሆነ ሰዎች ተቀምጠው የሚመክሩበት ምክንያት አይኖርም። የወደፊቱ ብዙነት ጉዳይ ገና ከጥንቱ ከምክርና ከውሳኔ ጋር ተያይዞ ተወለደ ማለት ይቻላል።

ከ2,000 ዓመት በላይ ካለፈ በኋላ ጀርመናዊው ፈላስፋና የሒሳብ ሊቅ ላይብኒዝ እ.ኤ.አ. በ1710 ባሳተመው «ቴዎዲሴ» በተባለው መጽሐፉ መጨረሻ ላይ ይህንኑ ጉዳይ በተረት መልክ ገለጸው። ቴዎዶሮስ የተባለ ካህን በሕልሙ አቴና የተባለችው አምላክ ወደ አንድ ታላቅ ቤተ መንግሥት ትወስደዋለች። ሕንፃው የፒራሚድ ቅርጽ ያለው ሲሆን እያንዳንዱ ክፍል አንድ ሊሆን የሚችል ዓለም ነው። በየክፍሉ ሴክስቱስ የሚባል አንድ ሰው ይታያል፤ ኑሮው ግን በየክፍሉ ይለያያል። በአንዱ ክፍል ወደ ቆሮንቶስ ሄዶ አትክልት ቦታ ገዝቶ ሀብት ሲያገኝ፣ በሌላው ወደ ትራቅያ ሄዶ የንጉሥ ልጅ ሲያገባ ይታያል። በጫፍ ላይ ባለው ክፍል ግን ወደ ሮማ ተመልሶ በታሪክ የታወቀውን ወንጀል ይፈጽማል። ፒራሚዱ ጫፍ ሲኖረው መሠረቱ ማለቂያ የለውም፤ ምክንያቱም፣ እንደ ላይብኒዝ አስተያየት፣ ከሁሉ የሚሻል አንድ ዓለም ሲኖር የሚያንሱት ግን ስፍር ቁጥር የላቸውም። እግዚአብሔር የፈጠረው የጫፉን ክፍል ብቻ ነው፤ ሌሎቹ በሐሳብ ብቻ ይኖራሉ።

ከዚህ በተቃራኒ የቆመው የፈረንሳዩ ሊቅ ላፕላስ ነው። እ.ኤ.አ. በ1814 ባሳተመው ስለ ፕሮባቢሊቲ የሚናገር የፍልስፍና ድርሰት፣ የዓለምን ኃይላትና የእያንዳንዱን አካል ሥፍራ በአንድ ቅጽበት የሚያውቅ አእምሮ ቢኖር ያለፈውም የሚመጣውም በፊቱ እኩል ግልጽ ይሆንለታል ሲል አስረዳ። ለላፕላስ ነገ አንድ ብቻ ነው። ታዲያ ስለ ይሆንታ መጻፉ ለምንድን ነው ቢባል፣ ለእርሱ ይሆንታ የሰው ልጅ አላዋቂነት መለኪያ ነው። ብዙ ነገዎች የሚታዩን እኛ ስለማናውቅ እንጂ ነገ ራሱ ብዙ ስለሆነ አይደለም። የላይብኒዝ ቤተ መንግሥትና የላፕላስ አንድ ጎዳና ከዚህ በታች በምንተርከው ታሪክ ውስጥ ሁሉ እየተፎካከሩ ይዘልቃሉ።

ትንቢት ታሪክን ሲሠራ

የሚመጣው ጊዜ በአሁኑ ላይ እጁን ሲያሳርፍ ለማየት ወደ አገራችን ታሪክ መለስ ማለት ይበቃል። «ፍካሬ ኢየሱስ» በተባለው የግእዝ መጽሐፍ፣ ከመከራና ከዐመፅ ዘመን በኋላ ቴዎድሮስ የሚባል ጻድቅ ንጉሥ እንደሚነሣና ሰላምን እንደሚያሰፍን ተጽፏል። ይህ ትንቢት በሕዝቡ ዘንድ የታወቀና የሚጠበቅ ነበር። የቋራው ካሣ ኃይሉ ተቀናቃኞቻቸውን በየተራ ድል ነሥተው በ1847 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1855) ዘውድ ሲጭኑ የመረጡት ስመ መንግሥት ይኸው ቴዎድሮስ ነበር።

እዚህ ላይ ትንቢቱ «እውነት ነበር ወይስ አልነበረም» የሚለው ጥያቄ የጽሑፋችን ጉዳይ አይደለም። የሚያስደንቀው አሠራሩ ነው። ገና ያልመጣ ዘመን በብራና ላይ ተጽፎ ሲጠበቅ ኖሮ፣ አንድ ሰው ስሙን ከዚያ ላይ አንሥቶ ለበሰው፤ ሕዝቡም ንጉሡን በዚያ ስም መነጽር አየው። ነገም ዛሬን ሠራው። ሆኖም በብራናው የተጻፈው የሰላም ዘመንና በምድር ላይ የተከናወነው ዘመን አንድ አልሆኑም፤ ዐፄ ቴዎድሮስ በ1860 ዓ.ም. በመቅደላ ሕይወታቸውን በገዛ እጃቸው አሳለፉ። የተጠበቀው ነገና የመጣው ነገ ለ13 ዓመታት ጎን ለጎን፣ አንዱ በሌላው ላይ ተደርበው ተጓዙ ብንል ማጋነን አይሆንም።

ትንቢትና ትንበያ የሚሉት ቃላት ከአንድ ሥር የበቀሉ ናቸው። ልዩነታቸው ግን ሰፊ ነው። ትንቢት አንዱን ነገ ለይቶ ይጠራል፤ ትንበያ ግን ብዙ ነገዎችን በሚዛን ላይ ያስቀምጣል። ልብ ወለዱ ያደገው በእነዚህ በሁለቱ መካከል ነው።

የልብ ወለዱ ጉዞ

የወደፊቱን ዘመን በልብ ወለድ መድረክነት ከተጠቀሙት ቀደምት ጸሐፊዎች መካከል ፈረንሳዊው ሉዊ ሰባስትያን መርስየ ይገኛል። እ.ኤ.አ. በ1771 የወጣው መጽሐፉ በሕልም ወደ 2440 ዓመት የሄደ ሰው የተሻሻለችውን ፓሪስን ሲጎበኝ ይተርካል። በዚህ ሥራ ነገ ገና አንድ ነው። ሁለተኛው እርምጃ የመጣው ሌላው ፈረንሳዊ ሉዊ ዦፍሯ እ.ኤ.አ. በ1836 ስለ ናፖሌዎን በጻፈው መጽሐፍ ነው። በዚያ መጽሐፍ ናፖሌዎን በ1812 በሩስያ አልተሸነፈም፤ እንዲያውም ዓለምን ሁሉ ይገዛል። ከሁሉ የሚደንቀው ደራሲው በመካከል አንድ ምዕራፍ ጨምሮ፣ ናፖሌዎን ተሸንፎ በስደት ሞተ የሚለውን ወሬ ሐሰተኛ ታሪክ ነው ብሎ ማውገዙ ነው። እውነተኛው ታሪክ በልብ ወለዱ ዓለም ውስጥ «ቢሆን ኖሮ» ሆኖ ገባ ማለት ነው።

እ.ኤ.አ. በ1843 ቻርልስ ዲከንስ ባሳተመው የገና ታሪክ ውስጥ ስስታሙ ስክሩጅ የራሱን መቃብር ከማየቱ በፊት ለመንፈሱ የሚያቀርበው ጥያቄ የርእሳችንን እምብርት የሚነካ ነው። ስክሩጅ ማወቅ የፈለገው ያየው ነገር የሚሆነው ነገር ጥላ ነው ወይስ ሊሆን የሚችለው ነገር ጥላ ብቻ ነው የሚለውን ነበር። መንፈሱ አልመለሰለትም። ስክሩጅ ግን ጠባዩን ለወጠ፤ መልሱን በሥራው ሰጠው። ፈላስፋው ሻርል ረኑቪየ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1876 ባሳተመው መጽሐፍ የሮማ መንግሥት ታሪክ ሌላ አቅጣጫ ይዞ ቢሆን ኖሮ አውሮፓ ምን ትመስል ነበር ብሎ በመጠየቅ ለዚህ ዓይነቱ ድርሰት «ኡክሮኒ» የሚል ስም አወጣለት። ስሙ በ«ኡቶፒያ» አምሳል የተሠራ ሲሆን ትርጉሙ «ጊዜ የሌለው» እንደማለት ነው።

እ.ኤ.አ. በ1895 የታተመው የኤች. ጂ. ዌልስ «የጊዜ መኪና» ጊዜን እንደ አራተኛ የቦታ ስፋት ቈጥሮ ተጓዡን ወደ 802,701 ዓመት አደረሰው። ከ13 ዓመት በኋላ ሄርማን ሚንኮቭስኪ በኮሎኝ ከተማ ባሰማው ንግግር ቦታና ጊዜ ተለያይተው ሊታሰቡ እንደማይችሉ፣ የሁለቱ አንድነት ብቻ ራሱን ችሎ እንደሚቆም በሒሳብ አስረዳ። ይሁን እንጂ የዌልስም የሚንኮቭስኪም ጊዜ ቅርንጫፍ የሌለው ነበር።

ቅርንጫፎቹን በግልጽ ያበዛቸው በአሜሪካ በርካሽ ወረቀት ይታተሙ የነበሩት የሳይንስ ልብ ወለድ መጽሔቶች ናቸው። መሪ ላይንስተር በሚል የብዕር ስም የሚታወቀው ደራሲ በሰኔ ወር 1934 እ.ኤ.አ. ባወጣው ታሪክ፣ ጊዜ እንደ ምድር መንቀጥቀጥ ተናውጦ የተለያዩ «ቢሆን ኖሮ» ዓለማት ቁርጥራጭ በአንዲት ምድር ላይ ተደራርበው ይወድቃሉ። መንግሥታቸው ያልወደቀባቸው የሮማ ወታደሮች በሚዙሪ ክፍለ ሀገር ብቅ ይላሉ፤ የንግድ ሠራተኛ የሆነ መንገደኛም የደቡቡ ወገን የእርስ በርሱን ጦርነት ባሸነፈበት አገር ውስጥ ራሱን ያገኛል። እ.ኤ.አ. በ1938 ደግሞ ጃክ ዊልያምሰን «የጊዜ ጭፍራ» በተባለው ድርሰቱ አንድ እርምጃ ገፋ አደረገው። ጆንባርና ጋይሮንቺ የተባሉ ሁለት የወደፊት መንግሥታት አሉ፤ ሁለቱም አብረው ሊሆኑ አይችሉም። ስለዚህ እያንዳንዳቸው ሕልውናቸውን ለማረጋገጥ ወደ አሁኑ ዘመን መልእክተኛ ይልካሉ። ጉዳዩ ሁሉ የተንጠለጠለው በአንድ የገጠር ልጅ ላይ ነው። ልጁ እ.ኤ.አ. በ1921 አንድ ቀን ከመሬት ላይ የዛገ ማግኔት ካነሣ ሳይንቲስት ይሆናል፤ ጆንባርም ትወለዳለች። ጠጠር ካነሣ ግን ተንከራታች የቀን ሠራተኛ ሆኖ ይቀራል፤ የጭካኔው መንግሥት ይነሣል።

ይህን የመጽሔት ሐሳብ በከፍተኛ ሥነ ጽሑፍ ውስጥ ያጸናው አርጀንቲናዊው ሆርሄ ሉዊስ ቦርሄስ ነው። እ.ኤ.አ. በ1941 ባሳተመው ስለ ሹካ መንገዶች የአትክልት ሥፍራ በሚተርከው አጭር ልብ ወለድ፣ ጹዊ ፐን የተባለ ቻይናዊ ሊቅ የጻፈው መጽሐፍ ለብዙ ጊዜ ትርጉም የለሽ ሆኖ ይኖራል። ምስጢሩ ሲፈታ መጽሐፉ ራሱ የጊዜ ቤተ ውጥንቅጥ ሆኖ ይገኛል። ጀግናው ከብዙ መንገዶች አንዱን መርጦ ሌላውን አይተውም፤ ሁሉንም በአንድነት ይመርጣል፤ ከየምርጫውም አዲስ ጊዜ ይበቅላል። ምስጢሩን የፈታው እንግሊዛዊ ለእንግዳው ሲያስረዳ፣ በአንዳንዱ ጊዜ ወዳጆች፣ በሌላው ጠላቶች እንደሆኑ ይነግረዋል። እንግዳው ግን ሰላይ ነውና ወዲያው ተኩሶ ይገድለዋል። በታሪኩ መጨረሻ ገዳዩ የሚሰማው ጸጸት ነው። ጊዜያት ስፍር ቁጥር የላቸውም ቢባልም ሟቹ የሞተው በዚህኛው ጊዜ ነው፤ ገዳዩም የሚኖረው በዚህኛው ነው።

ኤቨረትና የቅርንጫፎቹ ፊዚክስ

ከቦርሄስ ታሪክ 16 ዓመት በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1957፣ ሂዩ ኤቨረት የተባለ ወጣት አሜሪካዊ የፊዚክስ ተማሪ በፕሪንስተን ዩኒቨርሲቲ የዶክትሬት ጽሑፉን አቀረበ። ጥያቄው የኳንተም ሜካኒክስ ነበር። የንድፈ ሐሳቡ ዋና ስሌት አንዲት ጥቃቅን አካል በአንድ ጊዜ በብዙ ሁኔታዎች ተደራርባ እንደምትገኝ ይገልጻል፤ በምንለካት ጊዜ ግን የምናገኘው አንዱን ውጤት ብቻ ነው። ሌሎቹ ወዴት ሄዱ? የተለመደው መልስ በልኬት ጊዜ ይጠፋሉ የሚል ነበር። ኤቨረት ግን ስሌቱ እንደሚለው ከተሄደ የሚጠፋ ነገር የለም፤ ለኪውም ራሱ ከሚለካው ነገር ጋር ይከፈላል አለ። ሐሳቡን እ.ኤ.አ. በ1970 «የብዙ ዓለማት» በሚል ስም በሰፊው ያስተዋወቀው ብራይስ ደዊት ነው። ይህ አስተያየት ዛሬም ከጥቂት ተፎካካሪ ትርጓሜዎች አንዱ እንጂ ክርክሩ ያበቃለት አይደለም።

የኤቨረት የኑሮ ታሪክ ለሙያ ሰው ትልቅ ትምህርት አለው። ሊቃውንቱ ሐሳቡን በብርድ ተቀበሉት፤ እርሱም ወደ ዩኒቨርሲቲ ኑሮ አልተመለሰም፤ በአሜሪካ መከላከያ ሚኒስቴር ስር የጦር መሣሪያ ሥርዓቶችን ለሚመዝን ቡድን ማስላት ጀመረ። እ.ኤ.አ. በ1959 ከጆርጅ ፑ ጋር ሆኖ ያሳተመው ጥናት በኑክሌር ጦርነት ጊዜ የሚወርደው ጨረራ አዘል አቧራ በሕዝብ ላይ የሚያደርሰውን እልቂት የሚገምት ነበር። በንድፈ ሐሳቡ ሁሉም ቅርንጫፎች እኩል እውን ናቸው ያለ ሰው በሥራው ጠረጴዛ ላይ ሲቀመጥ የሚያሰላው፣ ከእነዚህ ቅርንጫፎች አንዱ ቢመጣ በዚህኛው ዓለም ስንት ሰው እንደሚሞት ነበር። ኤቨረት እ.ኤ.አ. በ1982 በ51 ዓመቱ ዐረፈ።

ነገዎችን በቁጥር ማብዛት

በዚያው ዘመን ነገዎችን የማብዛት ዘዴ ከወረቀት ወደ ኮምፒዩተር ተሻገረ። እ.ኤ.አ. በ1946 የሒሳብ ሊቁ ስታኒስላው ኡላም ከሕመም እያገገመ ብቻውን የካርታ ጨዋታ ሲጫወት፣ ጨዋታው የሚሳካበትን ይሆንታ በቀመር ከመፈለግ ይልቅ ብዙ ጊዜ ተጫውቶ መቁጠር እንደሚሻል ተገነዘበ። ሐሳቡን ከጆን ፎን ኖይማን ጋር አዳበሩት፤ ዘዴው በሞናኮ በሚገኘው የቁማር ቤት ስም «ሞንቴ ካርሎ» ተባለ። አሠራሩ አንድን ነገ ከመተንበይ ይልቅ ሺህ ነገዎችን በዕጣ ፈጥሮ መቁጠር ነው።

ሁለተኛው ምዕራፍ የሜትዎሮሎጂ ሊቁ ኤድዋርድ ሎሬንዝ ነው። እ.ኤ.አ. በ1961 የአየር ጠባይን በ12 ቀመሮች የሚመስል ስሌት በኮምፒዩተር ሲያስኬድ፣ አንዱን ስሌት ከመካከል ለመድገም ፈልጎ 0.506127 የሚለውን ቁጥር 0.506 ብሎ አስገባ። ልዩነቱ ከሺህ አንድ እጅ እንኳ አይሞላም። ሁለቱ ስሌቶች መጀመሪያ አብረው ሄዱ፤ በስሌቱ ዘመን ሁለት ወር ያህል ሳይሞላ ግን ፍጹም የማይመሳሰሉ ሆኑ። በ1963 ያሳተመው ጽሑፍ የላፕላስን አእምሮ በሌላ በኩል ወጋው። ሕጉ አንድ ጎዳና ቢሆንም እንኳ የመነሻችንን ሥፍራ በፍጹም ጥራት ስለማናውቅ ጎዳናው በፊታችን ይበታተናል።

መድኃኒቱ መበታተኑን አምኖ መቀበል ሆነ። እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ ወር 1992 በእንግሊዝ አገር በሬዲንግ የሚገኘው የአውሮፓ የአየር ጠባይ ትንበያ ማእከልና የአሜሪካ ብሔራዊ ማእከል፣ የዛሬውን አየር በጥቂት በጥቂቱ እያለዋወጡ ብዙ ስሌቶችን ጎን ለጎን የማስኬድ ሥራ በመደበኛነት ጀመሩ። የአውሮፓው ማእከል ቁጥሩን በ1996 ወደ 51 አሳደገው። ሃምሳ አንዱ ስሌቶች ተቀራርበው ከቆዩ ትንበያው ይታመናል፤ ከተበታተኑ ደግሞ መበታተኑ ራሱ ማስጠንቀቂያ ይሆናል። የላይንስተር ታሪክ በ1934 ያሰበው የተደራረቡ ዓለማት ካርታ በ58 ዓመት ውስጥ የመሥሪያ ቤት ሰነድ ሆነ።

በንግዱም ዓለም ተመሳሳይ ለውጥ ታይቷል። የሼል የነዳጅ ኩባንያ ዕቅድ አውጪ የነበረው ፒየር ዋክና ባልደረቦቹ እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ መጀመሪያ ላይ ለአለቆቻቸው አንድ ትንበያ ከማቅረብ ይልቅ ብዙ ሊሆኑ የሚችሉ ትረካዎችን አቀረቡ። ከትረካዎቹ አንዱ የነዳጅ ዋጋ በድንገት የሚያሻቅብበት ነበር። በጥቅምት 1973 ቀውሱ ሲፈነዳና በ1974 መግቢያ ላይ ዋጋው በአራት እጥፍ ያህል ሲያድግ ኩባንያው ከብዙዎቹ ተወዳዳሪዎቹ የተሻለ ተዘጋጅቶ ተገኘ። ዋክ በኋላ እንዳስረዳው፣ የትረካዎቹ ጥቅም ትክክል በመገመት ላይ አይደለም፤ የወሳኙን ሰው አመለካከት በመለወጥ ላይ ነው።

መቶ ዓመት የሚባለው ጎርፍ

አሁን ወደ ራሳችን ሙያ እንምጣ። በድልድይና በግድብ ጥናት ውስጥ «የ100 ዓመት ጎርፍ» የሚለው አነጋገር የተለመደ ነው። ይህ አነጋገር በአንድ ነጠላ ቁጥር ውስጥ ብዙ ነገዎችን አጥፎ ይዟል። በሥራ የማያውቀው ሰው ጎርፉ በየመቶ ዓመቱ አንድ ጊዜ የሚመጣ ይመስለዋል። ትርጉሙ ግን በእያንዳንዱ ዓመት የመከሰቱ ወይም የመበለጡ ይሆንታ 1 በመቶ ነው ማለት ነው። አንድ ድልድይ 50 ዓመት እንዲያገለግል ከታሰበ፣ በዚያ ዘመን ውስጥ ቢያንስ አንድ ጊዜ ከዚህ የሚበልጥ ጎርፍ የማየቱ ይሆንታ 39 በመቶ ተኩል ያህል ነው፤ በ100 ዓመት ውስጥ ደግሞ ወደ 63 በመቶ ከፍ ይላል። ለ50 ዓመት ከምንሠራቸው አሥር ድልድዮች ውስጥ በአማካይ አራቱ ከታሰበላቸው በላይ የሆነ ጎርፍ ያያሉ ማለት ነው። ይህን ሒሳብ ሁላችንም እናውቀዋለን፤ ሰነዳችንን የሚያነበው አስተዳዳሪና በወንዙ ዳር የሚኖረው ሰው ግን ሁልጊዜ አያውቁትም።

ከዚህም ላይ ሌላ ችግር ይደረባል። «ላለፈ ክረምት ቤት አይሠራም» ይባላል፤ እኛ ግን የሚመጣውን ጎርፍ የምንሰፍረው ባለፉት ክረምቶች መዝገብ ነው። ይህም የሚያስኬደው የሚመጣው ዘመን ካለፈው ጋር አንድ ጠባይ ካለው ነው። እ.ኤ.አ. በ2008 የውሃ ሊቃውንት «ሳይንስ» በተባለው መጽሔት ባወጡት ጽሑፍ፣ የአየር ንብረት በመለወጡ ይህ እምነት ከእንግዲህ ለውሃ ሥራ መሠረት ሊሆን እንደማይችል አሳስበዋል።

ጉዳዩ የቁጥር ብቻ አለመሆኑን የድሬዳዋ ነዋሪ ያውቀዋል። ከተማዋን ለሁለት ከፍሎ የሚያልፈው ደቻቱ በአብዛኛው የዓመቱ ክፍል ደረቅ አሸዋ ነው። በሐምሌ ወር 1998 ዓ.ም. መጨረሻ (እ.ኤ.አ. ነሐሴ 2006 መግቢያ) በደጋው የዘነበው ዝናብ በሌሊት በዚያ አሸዋ ላይ ወርዶ ከ200 የሚበልጡ ሰዎችን ሕይወት አጠፋ። አሸዋውን በቀን የሚያየው ሰው አንድ ነገ ብቻ ነበር የሚታየው፤ ሌላው ነገ ከሥሩ ተኝቶ ነበር።

የዝናብ ትንበያም እንዲሁ ነው። እ.ኤ.አ. ከ1998 ጀምሮ በምሥራቅ አፍሪካ አገሮች የአየር ጠባይ ባለሙያዎች በጋራ በሚያወጡት የወቅት ትንበያ፣ መጪው ዝናብ ከመደበኛ በላይ፣ መደበኛና ከመደበኛ በታች ተብሎ በሦስት ተከፍሎ ለእያንዳንዱ ይሆንታ ይሰጠዋል። ለምሳሌ ያህል 45፣ 35 እና 20 በመቶ ተብሎ ቢወጣ ሦስት ነገዎች በአንድ ካርታ ላይ ተደርበዋል ማለት ነው። ወረቀቱ ከእጅ ወደ እጅ ሲተላለፍ ግን 45 የሚለው ብቻ ተለይቶ «ዘንድሮ ዝናብ ይበዛል» ሊባል ይችላል። «ይዘንብ ይሆናል» የነበረው «ይዘንባል» ይሆናል። ከአምስት አንድ ዕድል የነበረው ድርቅ ቢመጣ፣ ያለውን ዘር ሁሉ በአንድ ጊዜ የዘራው ገበሬ ትንበያው ሐሰት ነበር ይላል። ትንበያው ሐሰት አልነበረም፤ በመንገድ ላይ ሁለቱ ነገዎች ወድቀው ቀሩ እንጂ።

ማጠቃለያ

ከላይ ያየነው ታሪክ አንድ ነገር ያመለክታል። ልብ ወለዱ ሁሉንም ቅርንጫፍ ይዞ መሄድ ይችላል፤ ፊዚክሱም ቢፈልግ ሁሉም እውን ናቸው ይበል። መሐንዲሱና ለእርሱ የሚያስበለት ሕዝብ ግን የሚኖሩት በአንዱ ውስጥ ነው። የትኛው እንደሚመጣ ስለማናውቅ ሁሉንም ማሰብ ግዴታችን ነው፤ የሚመጣው አንዱ ብቻ ስለሆነ ደግሞ ከቅርንጫፎቹ መካከል አንዱ ቢመጣ ማን እንደሚጎዳ አስቀድመን መናገር ይገባናል። አሪስቶትል ነገን ክፍት ያደረገው ምክር ትርጉም እንዲኖረው ነበር። ነገዎችን በአንድ ቁጥር ውስጥ አጥፈን በዝምታ ስናቀርብ ያንን ምክር ከባለቤቱ እንወስድበታለን፤ ውሳኔውን ሳናማክረው እኛ እንወስንለታለን።

ስለዚህ በማኅበራችን ውስጥ ለውይይት የሚቀርቡ ሦስት ሐሳቦችን እናስቀምጣለን። አንደኛ፣ ማንኛውም የጥናት ሰነድ የተመረጠውን የጎርፍ ወይም የዝናብ መጠን ብቻ ሳይሆን ሥራው በሚያገለግልበት ዘመን ሁሉ የመበለጡን ይሆንታ በግልጽ በአማርኛ ይጻፍ። ሁለተኛ፣ መጠኑ ቢበለጥ ውሃው በየት እንደሚሄድ፣ ማን ዘንድ እንደሚደርስና ለማምለጥ ስንት ሰዓት እንደሚኖር የሚገልጽ አንድ ገጽ በሰነዱ ላይ ይታከል። ሦስተኛ፣ ሁለት ሥራዎች በዋጋም በጥቅምም ሲቀራረቡ በኋላ ሊሻሻል የሚችለው ይመረጥ፤ የዛሬው ስሌት ለነገው መሐንዲስ መንገድ ሊዘጋበት አይገባምና።

እነዚህ ሦስቱ ብዙ ወጪ የሚጠይቁ አይደሉም። አንዲት ገጽና ጥቂት ዓረፍተ ነገሮች ናቸው። በወንዙ ዳር የሚኖረው ሰው ያቺን ገጽ ካነበበ፣ ወይም ሰው ካነበበለት፣ ቤቱን የት እንደሚሠራ ራሱ ሊመክርበት ይችላል።